ሁሉም እውነት ከሆነ ውሸት የት ገባ?

ይድረስ ለውድ አባቴ፣

ለጤናዎ እንደምን ሰነበቱ? እኔ እግዚአብሔር ይመስገን ደህና ነኝ። የአሕመዳባድ ሙቀት ብቻ ነው ያስቸገረኝ።

ባለፈው በስልክ ስለ ቤት አከራዮቼ ሃይማኖት ሳወራዎ፣ «ሁሉም እውነት ነው የሚሉ ከሆነ ውሸት የት ገባ?» ብለው ሳቁብኝ። ኔትወርኩ ተቆረጠና መልሱ ቀረ። ለነገሩ በስልክ የሚያልቅ ጉዳይም አይደለም።

አከራዮቼ ጃይኖች ናቸው። በ2011 እ.ኤ.አ. በተደረገው ቆጠራ በመላው ሕንድ 4.5 ሚሊዮን ገደማ ብቻ ነበሩ። እዚህ ጉጃራት ግን ምግብ ቤቱ ሁሉ ያውቃቸዋል፤ ሽንኩርትም ድንችም የሌለበት «የጃይን» ምግብ በየሜኑው አለ። ከመሬት ሥር የሚነቀል ነገር ብዙ ሕይወት ያጠፋል ብለው አይበሉትም። ራት የሚበሉት ፀሐይ ሳትጠልቅ ነው። በትልቁ ጾማቸው ደግሞ ስምንቱንም ቀን በፈላ ውሃ ብቻ የሚያሳልፉ አሉ፣ እሱንም ቀን ቀን ብቻ። እማዬ ሁዳዴ ከበደኝ ስትል ይህን ይንገሩልኝ።

ወደ ጥያቄዎ ልመለስ። ሁሉም እውነት ነው አይሉም። አኔካንታቫዳ የሚሉት ትምህርት አላቸው። ማንኛውም ነገር ብዙ ገጽ አለው ይላል። ሁሉንም ገጽ አንድ ላይ የሚያየው ፍጹም ዕውቀት ላይ የደረሰ ብቻ ነው። እኔና እርስዎ የምናየው ከቆምንበት በኩል ያለውን ነው። ስለዚህ ሰው ሲናገር «በዚህ በኩል ሲታይ» ብሎ የቆመበትን ማሳየት አለበት። ውሸቱ የሚገባው እዚህ ላይ ነው። አንዱን ገጽ ይዞ «ከዚህ ሌላ የለም» ያለ ሰው፣ የያዘው እውነት ራሱ ይበላሽበታል።

ማሃቪራ የሚሉት 24ኛው መምህራቸው ከቡድሃ ጋር በአንድ ዘመን የኖረ ነው። ዓለም ዘላለማዊ ናት ወይስ አይደለችም ለሚለው ጥያቄ መልሱ «ናትም፣ አይደለችምም» የሚል ነው። ያልነበረችበት ጊዜ ስለሌለ ዘላለማዊ ናት። ዘመን በዘመን ላይ እየተለዋወጠች ስለምትሄድ ደግሞ አይደለችም። ማምለጫ ይመስላል፤ ግን ሁለቱንም ከነምክንያታቸው ነው ያስቀመጠው። ጃያንቲ የምትባል ሴት ደግሞ መተኛት ይሻላል ወይስ መንቃት ብላ ጠየቀችው። ለክፉ ሰው መተኛቱ፣ ለደግ ሰው መንቃቱ ይሻላል አላት። ይቺን እርስዎ እንደሚወዷት አውቃለሁ።

እኔን የያዘኝ ግን የሳማንታባድራ ምሳሌ ነው። ከሺህ ዓመት በላይ በፊት የኖረ የጃይን መምህር ነው። የወርቅ ማሰሮ ቀልጦ ዘውድ ተሠራ እንበል። ማሰሮውን የፈለገ ያዝናል። ዘውዱን የፈለገ ይደሰታል። ወርቁን ብቻ የፈለገ አያዝንም፣ አይደሰትም። የሆነው ነገር አንድ ነው፤ ሦስቱም የተሰማቸው ያለ ምክንያት አይደለም።

ይህን ሳነብ ወዲያው የመጣብኝ የእኛ ቤት ነው። አይቆጡኝና ልናገረው። የካቲት 25 ቀን 1967 ዓ.ም. የገጠር መሬት በአዋጅ የሕዝብ ሲሆን የእርስዎ አባት መሬታቸውን ተነጠቁ። የእማዬ አባት ጭሰኛ ነበሩ፤ በዚያው አዋጅ የሚያርሱት መሬት በእጃቸው ገባ። በየፋሲካው ከዶሮው ወጥ በኋላ እርስዎ «ተዘረፍን» ይላሉ፣ አጎቴ «ሰው የሆንበት ቀን ነው» ይላል። እማዬ ቡና ታፈላለች። እኔ የሁለታችሁም ነኝ፤ እንደ ሦስተኛው ሰውዬ ወርቁን ብቻ ፈልጌ ልቀመጥ ብልም አይሆንልኝም።

በነገራችን ላይ ምሳሌው የሚጎድለው ነገር አለ። ማሰሮው ለማንም እህል አይገብርም። ጭሰኛው ግን ከደከመበት እህል ላይ ይገብር ነበር። ስለዚህ ብዙ ገጽ አለው ማለት ገጾቹ ሁሉ እኩል ይመዝናሉ ማለት አይመስለኝም። ጃይኖቹም በሁሉ ነገር አይለሳለሱም። አለመግደል ላይ ድርድር የላቸውም።

ደግሞ ቅዱሳን አድርጌ እንዳልስልብዎ። «19ኛዋ መምህራችን ሴት ነበረች» የሚለው ከሁለቱ የጃይን ወገኖች አንዱ፣ የሽቬታምባራ ወገን ነው። ሌላው ወገን፣ ዲጋምባራዎቹ፣ «አይ፣ ወንድ ነው» ይላሉ። እስከ ዛሬ አልተስማሙም። ማሃራሽትራ ውስጥ ሺርፑር የሚባል ቦታ ያለው ቤተ መቅደሳቸው በሁለቱ ክርክር የተነሳ ለአሥርታት ታሽጎ ቆይቶ የተከፈተው በ2023 እ.ኤ.አ. ነው። ብዙ ገጽ አለው እያሉ ያስተማሩት እነሱ ፍርድ ቤት ለፍርድ ቤት ተጓተቱ! ይህን ሳነብ ብቻዬን ሳቅሁ። ትምህርቱን ግን አልጠላሁትም። ያወቁትን ማድረግ ለሁሉም ከባድ ነው።

አንድ ነገር ልለምንዎ። አሸናፊ እንዲወጣ አይደለም። በሚቀጥለው በዓል «ተዘረፍን» ከማለትዎ በፊት «ለአባቴ ቤት» የምትለዋን ይጨምሩባት። አጎቴም «ለእኛ ቤት» ይበል። ከዚያ ሁለታችሁም ከመጀመሪያው ጀምራችሁ ተርኩት፤ መሬቱ የት እንደነበር፣ ስንት እንደሚገበር፣ አዋጁን ማን እንደነገራችሁ። እኔ እስከ ዛሬ የሰማሁት ጭቅጭቁን ብቻ ነው፤ ታሪኩን አልሰማሁም። ታናሽ እህቴ በስልኳ ቀድታ ትላክልኝ። አጎቴ ሲናገር አያቋርጡት። እሱም እንዳያቋርጥዎ እነግረዋለሁ።

የግፊቱን መድኃኒት አይዝለሉ። እማዬን ሳሙልኝ።

ልጅዎ፣
ከአሕመዳባድ