ቤቱ የማን እንደሆነ ሳይታወቅ እኔ ለማን ልልቀቅ?

ይድረስ ለጽሕፈት ቤቱ ኃላፊ
ደሴ

ቢሮዎ የተከራየሁትን ቤት እንድለቅ ስለጻፈልኝ ደብዳቤ ከሰኔ ጀምሮ አራት ማመልከቻ አስገብቻለሁ። አራቱም መዝገብ ቤት ገብተው ቁጥር ተሰጥቷቸዋል። መልስ ያገኘ ግን አንድም የለም። በመጣሁ ቁጥር "ኃላፊው ስብሰባ ላይ ናቸው፣ ነገ ተመለሺ" እባላለሁ። አሁን ደጅ መጥናት በቅቶኛል። ለዚህ ነው በአደባባይ የምጽፍልዎ።

ከጦሳ ተራራ ግርጌ ባለ ግቢ ውስጥ ሁለት ክፍል ተከራይቼ ስድስት ዓመት ኖሬያለሁ። አከራዬ እንደ እናቴ ነበሩ። ጥቅምት 2014 ጦርነቱ ደሴ ሲገባ አብረን ተሰደድን፣ አብረን ተመለስን። ስንመለስ በሩ ተገንጥሎ ነበር። በራሴ ገንዘብ አሠራሁት። እሳቸውም "ከኪራዩ ቀንሺ ልጄ" አሉኝ። እንዲህ ነበር የኖርነው።

አምና አረፉ። ከዚያ ወዲህ ሁለቱ ልጆቻቸው በቤቱ ተካሰሱ። ወንድየው "እናቴ ሰጥታኛለች" ይላል። እህትየዋ "የውርስ ድርሻ አለኝ" ትላለች። መዝገቡ እስከ ዛሬ ፍርድ ቤት ነው። ሁለቱም ለሌላው እንዳልከፍል ሲያስጠነቅቁኝ ግራ ገባኝ። ሕግ የሚያውቅ ሰው ጠየቅሁ። ገንዘቡ ለማን እንደሚገባ በእርግጥ ካልታወቀ በፍርድ ቤት ማስቀመጥ እንደሚቻል ነገረኝ። የፍትሐ ብሔር ሕጉ ይፈቅዳል። እንደዚያው አደረግሁ። ደረሰኞቹ እጄ ላይ ናቸው። የአንድ ወር ኪራይ አላሳለፍኩም።

እንዲህ ባለበት ሰኔ ላይ የቢሮዎ ማኅተም ያረፈበት ደብዳቤ መጣልኝ። ቤቱን በሦስት ቀን ለቅቄ ለወንድየው እንዳስረክብ ያዛል። ዳኛው ገና ቤቱ የሱ ነው አላለም። ቢሮዎ በምን አወቀ? ሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 79 ላይ የዳኝነት ሥልጣን የፍርድ ቤቶች ብቻ ነው ይላል። ይህን እርስዎ ከእኔ በላይ ያውቁታል።

የመኖሪያ ቤት ኪራይ አዋጁን፣ 1320/2016ን፣ ይዤ መጥቼም ነበር። ቤቱ በሽያጭ ወይም በውርስ ለሌላ ሰው ቢያልፍ እንኳ ተከራይ የስድስት ወር ማስጠንቀቂያ ሊሰጠው ይገባል። ባለሙያዋ የክልል ከተሞችን ጉዳይ ክልሉ ነው የሚወስነው አለችኝ። ይሁን። ሕገ መንግሥቱስ? እሱ ለደሴም አይሠራም?

በሦስተኛው ቀን አልወጣሁም። መውጫም አልነበረኝም። ሐምሌ ገብቶ አንድ ጠዋት ወንድየው ሁለት ሰው ይዞ መጣና ጣሪያ ላይ ወጡ። ቆርቆሮው ሲገነጠል ሚስማሩ የሚያወጣውን ድምፅ እስከ ዛሬ እሰማዋለሁ። የልጆቼ መኝታ ላይ ያለውን ሰባት ቆርቆሮ አንሥተው ሄዱ። "በሕግ ነው" እያለ በእጁ ያውለበልብ የነበረው ያንኑ የእርስዎን ደብዳቤ ነው። የደሴን ሐምሌ ያውቁታል። ከሰዓት ዝናቡ ወረደ። ማታ ትንሿ ልጄ የረጠበ ደብተሯን ገጽ በገጽ እየገለጠች ከሰሉ ላይ ስታሞቅ አየኋት። ቀለሙ ፈስሶ ምንም አይነበብም ነበር። እሷ ግን እስከ መጨረሻው ገጽ ገለጠች።

በማግሥቱ ፎቶውን በስልኬ ይዤ ቢሮዎ መጣሁ። የተሰጠኝ መልስ "የግለሰቦች ክርክር ነው፣ ፍርድ ቤት ሂጂ" የሚል ነው። ውጪ ስባል ጉዳዩ የቢሮው ነበር። ጣሪያዬ ሲነሣ የፍርድ ቤት ሆነ። ክቡር ሆይ፣ ሌላው ሁሉ ቢቀር ይህን አንድ ነገር ይመልሱልኝ። ከሰኔ እስከ ሐምሌ ምን ተለወጠ?

ቤቱ የኔ ነው አላልኩም። ፍርድ ቤቱ ለወንድየውም ይፍረድ ለእህትየዋ፣ በሕግ የሚገባኝ ጊዜ ተሰጥቶኝ ቁልፉን በእጄ አስረክባለሁ። የምጠይቀው ቢሮዎ ያን ደብዳቤ እንዲሽር፣ መሻሩንም ለእኔም ለወንድየውም በጽሑፍ እንዲያሳውቅ ነው። ያ ወረቀት እስካልተሻረ ሰውየው ተመልሶ ጣሪያ ላይ ይወጣል። እኔና ልጆቼ የቀረችው አንዲት ክፍል ውስጥ ነን። በሌላኛዋ ላይ ላስቲክ ወጥረናል። በነፈሰ ቁጥር ይገለበጣል፣ ልጄ ወጥታ ድንጋይ ትጭንበታለች።