ጣሪያው ለምን እንደተነሣ ሚስማሩንም ጠይቁት

ይድረስ ለአዘጋጁ፤

ከወሎ የሚመጣው የነፋስ ዜና ከጊዜ ወዲህ አንድ መልክ ይዟል። ነፋስ ተነሣ፣ የትምህርት ቤት ጣሪያ ገነጠለ፣ ምክንያቱ የአየር ንብረት ለውጥ ነው፤ አለቀ። ሰሞኑን ደግሞ እናንተው ጋ «ቶርኔዶ» ተጨምሮበት አነበብኩ። ነዋሪነቴ ኮምቦልቻ፣ እንጀራዬ አናጢነት ነው። ከደሴ እስከ ቆቦ ብዙ ጣሪያ መትቻለሁ፤ ነፋስ የጣለውንም እየተጠራሁ ጠግኛለሁ። ዝም ብዬ ላልፈው አልቻልኩም።

ቶርኔዶ ከነጎድጓድ ደመና ተንጠልጥሎ መሬት የሚነካ ተሽከርካሪ ነፋስ ነው። እንዲፈጠር ሁለት ነገር ይፈልጋል፤ አንደኛው ወደ ላይ የሚተኮስ ሞቃትና እርጥብ አየር፣ ሁለተኛው ከመሬት ከፍ ባሉ ቁጥር ፍጥነቱና አቅጣጫው የሚለዋወጥ ነፋስ ነው። ዓለም ስትሞቅ የመጀመሪያው መጨመሩ አያከራክርም፤ አየር 1 ዲግሪ ሴልሺየስ በሞቀ ቁጥር 7 በመቶ ያህል ተጨማሪ እርጥበት መያዝ ይችላል። ነገሩ የሚወሳሰበው ሁለተኛው ላይ ነው። የሰሜን ዋልታ ከሌላው ዓለም ፈጥኖ እየሞቀ ስለሆነ በእሱና በሞቃቱ የምድር ወገብ አካባቢ መካከል ያለው የሙቀት ልዩነት ይጠባል። የላዩን ነፋስ የሚያበረታው ደግሞ ያ ልዩነት ነው። ስለዚህ አንዱ ሲጨምር ሌላው ሊቀንስ ይችላል።

በዓመት 1,200 ያህል ቶርኔዶ የሚመዘገብባት አሜሪካ እንኳ ጉዳዩን በጥንቃቄ ነው የምታየው። እ.ኤ.አ. ከ1950ዎቹ ወዲህ የጠንካሮቹ ቁጥር በግልጽ አልጨመረም። የተለወጠው አመጣጣቸው ነው፤ ቶርኔዶ የሚታይባቸው ቀናት ቀንሰዋል፣ በመጣበት ቀን ግን በመንጋ ይመጣል፤ ከመካከለኛው ሜዳም ወደ ሚሲሲፒና ቴነሲ በኩል እያጋደለ ነው። ደካሞቹ የበዙ የሚመስለው በአብዛኛው ራዳሩም፣ ስልኩም፣ የሚያይ ሰውም ስለበዛ ነው። የበይነ መንግሥታት የአየር ንብረት ለውጥ ፓነልም እ.ኤ.አ. በ2021 ባወጣው ሪፖርት ስለ ቶርኔዶ እስካሁን የታየው አዝማሚያ አስተማማኝ እንዳልሆነ ነው የገለጸው። ሰማዩን በራዳር የሚጠብቁት እንዲህ ሲሉ እኛ በአንድ ስልክ ቪዲዮ እንፈርዳለን። ቆቦ ሜዳ ላይ በግንቦት ፀሐይ አቧራ ጠቅልሎ የሚሄደውን አውሎ ሳይቀር ቶርኔዶ ብሎ የሚለጥፍ አለ። እሱማ ሰማዩ ጥርት ብሎ ሳለ ከጋለ መሬት የሚነሣ ነው፤ እናቶቻችን «ቢስሚላሂ» እያሉ ሲያሳልፉት የኖሩት።

ወሎ ላይ ቶርኔዶ ፈጽሞ አይፈጠርም አልልም። ግን ዱካው ይታያል። ቃሉ ወረዳ ውስጥ ጣሪያው ተነሥቶ የተጠራሁበት አንድ ትምህርት ቤት ነበር። በአጥሩ ዳር የወደቁት ባሕር ዛፎች በሙሉ ወደ አንድ አቅጣጫ ነው የተጋደሙት፤ ቆርቆሮውም የተገኘው በዚያው በኩል ነው። ተሽከርካሪ ነፋስ ቢሆን ዛፎቹን አጠላልፎ፣ አንዱን ወዲህ ሌላውን ወዲያ ይጥል ነበር። ይህ ከዝናብና ከበረዶ ጋር ከደመናው የወረደ ቀዝቃዛ አየር ነው፤ መሬት ሲመታ ከባልዲ እንደተደፋ ውሃ በጎን ይሮጣል። ጉልበቱ ቀላል አይደለም፣ አዲስ ነገር ግን አይደለም።

ከዚያ መሰላል ላይ ወጣሁ። አንደኛው ክፍል ላይ ሚስማሩ ቆርቆሮው በሚመታበት እንጨት፣ በሞራሌው ላይ እንደቆመ ነው፤ ያመለጠው ቆርቆሮው ነው፣ ተቀዶ። ስስ ቆርቆሮ፣ ጎማ የሌለው ሚስማር፤ ነፋስ ከሁሉ አብልጦ በሚያነሣው ጠርዝ ላይ እንኳ በየክንድ ርቀት ነው የተመታው። ሁለተኛው ክፍል ላይ ደግሞ ሚስማሩ ከነቆርቆሮው ተነቅሎ ሄዷል፤ እንጨቱ እርጥብ ሳለ ተመትቶ፣ ሲደርቅ ሚስማሩ ላላ። ጣሪያውን የሚሸከመው ወራጅ እንጨት ከግድግዳው ጋር በፌሮ አልታሰረም። አጠገቡ ያለው የአንድ ሽማግሌ ቤት፣ ቆርቆሮው ዝጎ ቀይ የሆነ፣ ንቅንቅ አላለም። ጉዳቱን ሊያጣራ የመጣው ኮሚቴ «የተፈጥሮ አደጋ» ብሎ ፈርሞ ሄደ። አህያውን ፈርቶ ዳውላውን ማለት ይሄ ነው። ሥራውን የተረከበውንም ያስረከበውንም የጠየቀ የለም፤ እኔንም ያዘዙኝ ያንኑ ስስ ቆርቆሮ መልሼ እንድመታ ነበር።

ይህን ስል «የአየር ንብረት ለውጥ ውሸት ነው» የሚል ሰው ከጎኔ እንዳይቆም። ሙቀቱ መጨመሩ፣ ሲዘንብም ዶፉ መክበዱ በዓለም ዙሪያ በልኬት የተረጋገጠ ነው። 66ንና 77ን ያየ የወሎ ሰው የዝናብ መቅረት ምን እንደሆነ አስተማሪ አያሻውም። ደላንታና ደሴ ዙሪያ ያለ ደገኛ የበልግ ገብሱን ሊዘራ አርሶ፣ ደመና ደመናውን እያየ የካቲትና መጋቢት ሲያልፉበት ዜና አይሆንም፤ ፎቶ አይወጣውማ! የተነቀለ ቆርቆሮ ግን ያምራል። እኔ ብሆን ግማሹን ገጽ ለበልጉ እሰጠው ነበር።

አንድ ነገር ልለምናችሁ። ሌላ ጣሪያ ሲነሣ ጋዜጠኛችሁ ዛፎቹ ወዴት እንደወደቁ ፎቶ ያንሣ። ሚስማሩ እንጨቱ ላይ ቀርቶ እንደሆነ ወይም ከቆርቆሮው ጋር ሄዶ እንደሆነ ይይ። ጣሪያው በስንት ጌጅ ቆርቆሮ ተሠራ (ውፍረቱ ማለቴ ነው)፣ ማን ተረከበው ብሎም ይጠይቅ። በኮምቦልቻ በኩል ካለፈ መሰላሉን የምይዝለት እኔ ነኝ።

አንድ አናጢ
ከኮምቦልቻ