ወደ ጣና ከመመለሳችን በፊት

ሰላም ለሁላችሁ፣

ባለፈው ከባሕር ዳር ያመጣነውን ቀረጻ ትናንት ማታ ቁጭ ብዬ አየሁት። አንድ ቦታ ላይ ደጋግሜ አቆምኩት። ታንኳ ሠሪው አባባ ደንገሉን፣ ያን ሐይቅ ዳር የሚበቅል ሸምበቆ መሰል ተክል፣ በጉልበታቸው ተጭነው ጥብቅ አድርገው ያስሩታል። እጃቸው ይሠራል፣ ዓይናቸው ሐይቁ ላይ ነው። እኛስ ምን አደረግን? ካሜራ ደቅነን ስለ ጉማሬ ሥጋ ጠየቅናቸው። ዝም አሉ። በጣም አፈርኩ።

የአባባ ወገኖች፣ የጣና ዳር ነዋሪዎቹ ነገደ ወይጦዎች፣ ለዘመናት የተገፉት በዚሁ ነገር ነው። አያቶቻቸው ጉማሬ አድነው ይበሉ ስለነበር ጎረቤት ይጸየፋቸው ነበር። የጥንት ቋንቋቸው ጠፍቶ ዛሬ አፍ የሚፈቱት በአማርኛ ነው። ያለ አስተርጓሚ እየተግባባን፣ ለመስማት አለመታገሣችን ይቆጨኛል።

በዚህኛው ጉዞ ታንኳውን ከደንገል አጨዳው ጀምሮ ውሃ እስኪገባ ድረስ እንቅረጽ። ደንገል ውሃ ስለሚጠጣ ታንኳው በየጊዜው ወጥቶ ፀሐይ ላይ ይደርቃል። እሱም እንዳያመልጠን! ደንገሉ ከሐይቁ ዳር እየሳሳ መሄዱን ደግሞ ራሳቸው ይንገሩን።

ፊልሙን ከማንም በፊት እነሱ ይዩት። ይውጣ ያሉት ይወጣል። ፕሮጀክተር ማዋስ የሚችል እስከ ዓርብ ያሳውቀኝ።