ለአባቴ፦ ሌሊት ስለሚያበራው የመንጋ ዓይን

ይድረስ ለውድ አባቴ፣ ዳባት

እንደምን ሰነበቱልኝ? እኛ እዚህ ጎንደር እግዚአብሔር ይመስገን ሁላችንም ደህና ነን።

የልጅ ልጆችዎ «ሌሊት እያበራ የሚሄድ የበግ መንጋ አለ ወይ?» እያሉ እንዳስቸገሩዎት ሰማሁ። ሊነግሯቸው የሚገባው ነገር ከተረት አያንስምና በደንብ ልጻፍልዎት።

ከገዛ ሰውነቱ ብርሃን የሚያመነጭ በግ፣ ከብት ወይም ፍየል የለም። በየብስ ላይ ይህን የሚያደርጉት እንደ አብሪ ጥንዚዛ ያሉ ነፍሳትና አንዳንድ እንጉዳዮች ናቸው፤ የቀሩት አብዛኞቹ ባሕር ውስጥ ይኖራሉ። ጥንዚዛዋ ሆድ ውስጥ ሉሲፈሪን የሚባል ንጥረ ነገር በኢንዛይም አማካይነት ከኦክስጅን ጋር ሲዋሃድ ብርሃን ይወጣል፤ ሙቀት ግን የለውም ማለት ይቻላል። የጀርባ አጥንት ካላቸው እንስሳት መካከል ይህን የታደሉት ዓሦች ብቻ ናቸው። ጅብ በሚዞርበት አገር እንዲህ የሚያበራ በግ ቢፈጠር ዘሩ የሚተርፍ አይመስለኝም።

የእርስዎ በጎች ያላቸው መስታወት ነው፤ ሌሊት ዓይናቸው የሚያበራው የባትሪውን ብርሃን እየመለሰ ነው። በዓይናቸው ውስጥ በስተኋላ በኩል፣ ብርሃን ከሚቀበለው ስስ ሽፋን ጀርባ፣ ብርሃን የሚመልስ ንጣፍ አለ። ወደ ዓይን የገባው ብርሃን መጀመሪያ በሽፋኑ ያልፋል፤ ሳይያዝ ያመለጠው ንጣፉን መትቶ ሲመለስ ሽፋኑ ሁለተኛ ዕድል ያገኛል። በጨለማ የሚያዩት በዚህ እየታገዙ ነው። የሚከፍሉት ዋጋም አለ፤ ተመላሹ ብርሃን ስለሚበታተን ምስሉ ትንሽ ይደበዝዛል።

በግ ሲታረድ ለልጆቹ ያሳዩአቸው። ዓይኑን አውጥተው በስለታም ቢላ ወገቡ ላይ ዙሪያውን ይቁረጡት፤ ዝልግልጉን ያፍስሱ፤ ከሥር ያለውን ነጣ ያለ ስስ ሽፋን በጣትዎ ገፈፍ ያድርጉት። በላይኛው ግማሽ እንደ ርግብ አንገት ሰማያዊና አረንጓዴ ሆኖ የሚያብለጨልጨው ንጣፉ ነው፤ የቀረው ጥቁር ነው። ቀለም አልተቀባም፤ የተደራረቡ ቀጫጭን ክሮች ብርሃኑን ሲመልሱት ነው እንዲህ የሚታየው። በላይ በኩል መሆኑ ደግሞ ይደንቃል፤ ከጨለማው መሬት የሚመጣው ብርሃን የሚያርፈው በዓይን ላይኛው ክፍል ነውና።

ከብት፣ ፍየል፣ ፈረስና አህያ ይህ አላቸው። የሰሜን ተራራው ዋሊያም የፍየል ወገን ስለሆነ አለው። ጭላዳና ሰው ግን የላቸውም፤ አሳማም የለውም። በሰሜን ዋልታ አካባቢ በመንጋ የሚኖረው አጋዘንማ ንጣፉ በበጋ ወርቃማ፣ ፀሐይ በማትወጣበት ክረምት ሰማያዊ ይሆናል። ልጆቹ ይህን ሳይወዱት አይቀሩም።

አሁን ወደ በረትዎ ልግባ። ባትሪውን ወገብዎ ላይ ይዘው ካበሩ ዓይናቸው ብዙም አይታይዎትም፤ ብርሃኑ የሚመለሰው በመጣበት መንገድ ስለሆነ በዓይንዎ ትክክል፣ ግንባርዎ ላይ ያድርጉት። በጅብና በበግ መካከል በቀለም አይፍረዱ፤ ቀለሙ እንደሚያዩበት አቅጣጫ ይለዋወጣል። የበግ ዓይን በጎን በኩል ስለሆነ ብዙ ጊዜ አንዱ ብቻ ይበራል፤ የጅብ ግን ፊት ለፊት ስለሆነ ሁለቱም ይታያሉ። በግም ወደ እርስዎ ከዞረ ሁለቱ ስለሚታዩ፣ አካሄዱንም ይዩ፤ ከመንጋው ተለይቶ ዙሪያውን የሚዞር ጥንድ ዓይን ካዩ ውሻውን ይልቀቁ።

በዚያው የእያንዳንዱን ሁለት ዓይን ይመልከቱ። ወደ እርስዎ ዞሮ ሳለ አንዱ ደብዝዞ ወይም ነጣ ብሎ ከታየ ከፊቱ መጋረጃ ሊኖር ይችላል፤ ዝንብ የሚያስተላልፈው የዓይን በሽታ ሊሆን ይችላልና ለይተው ያሳድሩት።

ከሁሉ አጥብቄ የምነግርዎት ግን ይህን ነው፤ ዓይን ስላበራ ያያል ማለት አይደለም። ዳፍንት የያዘው ጥጃ ንጣፉ ደህና ስለሆነ ዓይኑ ያበራል፤ የጎደለው ሽፋኑ ብርሃን የሚይዝበት ቫይታሚን ኤ ነው። በጋው ሲረዝም የሚመጣውም ለዚህ ነው፤ በጭድና በገለባ ውስጥ ይህ የለም ማለት ይቻላል፣ ፀሐይ ያነጣው ድርቆሽም አጥቷል። ስለዚህ ሲመሽ መተላለፊያው ላይ አንድ እንጨት አጋድመው ጥጃውን ያሳልፉት። ቀን ተሻግሮት ማታ ከተደናቀፈበት ይጠርጥሩ። ከወንዝ ዳር የታጨደ እርጥብ ሣር ወይም የጎመን ቅጠል ይስጡት፤ ድርቆሹንም ከእንግዲህ ጥላ ውስጥ አረንጓዴነቱን እንደያዘ ያድርቁት። ጥጃ ሲወለድ ያከማቸው እጅግ ጥቂት ስለሆነ እንገሩን በመጀመሪያዎቹ ሰዓታት ጠግቦ ይጥባ። የጥጃ ዳፍንት ቶሎ ካልተያዘ የዓይኑ ነርቭ ተጨቁኖ ይጎዳል፤ ከዚያ ወዲያ አይመለስም። መርፌውን በግምት አያስወጉት፤ ቫይታሚን ኤ ሲበዛም ይጎዳል፣ መጠኑም በክብደት ስለሚሰላ የእንስሳት ሐኪም ይይልዎት።

በእንጨቱ የተደናቀፈ ካለ ሳያድሩ ይደውሉልኝ። እናቴን በጣም ሰላም ይበሉልኝ።

ልጅዎ