ጥንዚዛ ስለታየ ብቻ ወንዙ ንጹሕ አይባልም

ይድረስ ለጋዜጣው ዝግጅት ክፍል፣

ከጮቄ ተራራ ስለሚወርዱ ወንዞች ባወጣችሁት ጽሑፍ ላይ ጥንዚዛ የሚኖርበት ውሃ ንጹሕ ነው የሚል ሐሳብ ሰፍሯል። የጥንዚዛው ቤተሰብ (በሳይንሱ አጠራር አስተኔው) ሳይለይ እንዲህ ማለት አይቻልም።

በውሃው ገጽ ላይ የምትሽከረከረዋ ጥቁሯ የውሃ እናት ከጋይሪኒዴ ቤተሰብ ናት። ዓይኗ ለሁለት ስለተከፈለ ከውሃው በላይም በታችም ታያለች፤ የምትተነፍሰው ግን የሰማዩን አየር ነው። ዋናተኛው ዲቲሲዴም አየሩን በክንፉ ሽፋን ሥር ቋጥሮ ይጠልቃል፣ ሲያልቅበት ጅራቱን ወደ ላይ አድርጎ ብቅ ይላል። ሃይድሮፊሊዴ ደግሞ ጭንቅላቱን ወደ ላይ አድርጎ ይወጣል። የእነዚህ የሦስቱ ቤተሰቦች ያደጉ ጥንዚዛዎች ትንፋሻቸውን ከላይ ስለሚያመጡ ኦክስጅን ባነሰበት ኩሬ ውስጥም ይኖራሉ። የእነሱ መኖር ስለ ውሃው ጥራት የሚነግረን ጥቂት ነው።

ለምርመራ የሚጠቅመው ኤልሚዴ የተባለው የጥንዚዛ ቤተሰብ ነው። አብዛኛው ከ1 እስከ 8 ሚሊ ሜትር ይረዝማል፣ መዋኘት አይችልም፣ በረጃጅም ጥፍሮቹ ድንጋይ ጨብጦ ይኖራል። ሰውነቱን የሸፈነው ጥቅጥቅ ያለ ጸጉር ስስ የአየር ሽፋን ይይዝለታል፤ በውሃው ውስጥ የሟሟው ኦክስጅን ወደዚህ ሽፋን ስለሚገባ ለመተንፈስ ወደ ላይ መውጣት አያስፈልገውም። ኦክስጅኑ ሲቀንስ ግን መሸሻ የለውም። የልብስ ሳሙናና ኦሞ ደግሞ ውሃው በጸጉሩ መሃል ሰርጎ እንዲገባ ያደርጋሉ፤ ያኔ ይታፈናል። ስለዚህ ከልብስ ማጠቢያው በላይና በታች የኤልሚዴ ናሙና ወስዶ ማወዳደር ከላይ የተጠቀሱትን ሦስቱን ከመቁጠር ይሻላል። ሳስ 5 የተባለው የደቡብ አፍሪካ የወንዝ መመዘኛም (ብክለት የማይችለው ፍጥረት ብዙ ነጥብ ያገኝበታል) ከ15 ለኤልሚዴ 8 ሲሰጥ፣ ለሌሎቹ ሦስት ለእያንዳንዳቸው 5 ብቻ ነው የሚሰጠው።

በምደባም ቢሆን አራቱ አንድ ላይ አይሄዱም። ጋይሪኒዴና ዲቲሲዴ አዴፋጋ በተባለው ንዑስ ክፍለ መደብ ሲገቡ፣ ሃይድሮፊሊዴና ኤልሚዴ በፖሊፋጋ ሥር ናቸው። በአዴፋጋ የኋላ እግር መቀመጫው ከደረቱ ጋር ተጣብቆ የሆድን የመጀመሪያ ቀለበት ለሁለት ይከፍለዋል፤ ገልብጦ በ10 እጥፍ አጉሊ መነጽር ማየት ይበቃል። ብዙ ሰው የሚሳሳተው በሃይድሮፊሊዴ ነው፦ ከአፉ የሚወጡት ረጃጅም ዳሳሾች አንቴና ይመስላሉ፣ እውነተኛው አንቴና ግን አጭርና ጫፉ ዱላ መሰል ሆኖ ከጭንቅላቱ ሥር ይደበቃል። የኤልሚዴ አንቴና አብዛኛውን ጊዜ ክር መሰል ነው። ኤልሚዴ ራሱ ሁለት ንዑስ ቤተሰብ አለው፤ ኤልሚኔ ከውሃ ሥር ሲኖር፣ ያደገው ላራይኔ ውሃው በሚረጨው ድንጋይና ግንድ ላይ ይቀመጣል። መረብ ታች ብቻ የሚያስገባ ሰው ላራይኔን አያገኝም።

አያያዙ ቀላል ነው። ውሃው አረፋ እየደፈቀ በድንጋይ መሃል የሚሮጥበትን፣ ከጉልበት የማያልፍ ቦታ ምረጡ። መረቡን ከታች ተክላችሁ ከላይ ድንጋዩን ለ2 ደቂቃ በእግር አናውጡ። የመረቡ ቀዳዳ ግማሽ ሚሊ ሜትር ይሁን፤ የአጎበር ቀዳዳ ከ1 ሚሊ ሜትር ስለሚበልጥ ትንንሾቹ ያመልጣሉ። የተያዘውን በነጭ ሳህን ላይ ገልብጣችሁ 5 ደቂቃ ያህል ጠብቁ። ኤልሚዴ መጀመሪያ እንደ ሞተ ሆኖ፣ የወደቀ ፍሬ መስሎ ዝም ይላል፤ «ምንም የለም» ተብሎ የሚደፋው ያኔ ነው። ማስቀመጫው 70 በመቶ አልኮል ነው፤ የቤት አረቄ ጥንካሬው አይታመንም፣ ናሙናው ይበሰብሳል። የእንስሶቹ ፈሳሽ አልኮሉን ስለሚያቀጥነው በማግስቱ ቀይሩት። ቦታውንና ቀኑን በእርሳስ ጽፋችሁ ወረቀቱን ከውስጥ ጨምሩ፤ የእስክሪብቶ ቀለም ይለቃል።

ናሙናው ከጥቅምት አጋማሽ እስከ ጥር ባለው ጊዜ ቢወሰድ ጥሩ ነው። በሐምሌና በነሐሴ ጎርፉ ድንጋዩን እያንከባለለ ስለሚጠርጋቸው ከላይም ከታችም ባዶ ሊሆን ይችላል። ኤልሚዴ ተገኘ ማለትም ውሃው ይጠጣ ማለት አይደለም፤ የተቅማጥ ተሕዋስያንን አይመለከትም።

ከማጠቢያው በታች ብቻ ሳይሆን ከላይም ከጠፋ ዳሩን ተመልከቱ። የኤልሚዴ እጭ (ገና ያላደገው ትል) ወደ ጥንዚዛነት የሚለወጠው ከውሃ ወጥቶ፣ ከዳር ባለ እርጥብ አፈር ውስጥ ወይም ድንጋይ ሥር ነው፤ ከብት የደቀደቀው ወይም አሸዋ የተዛቀበት ዳር ይህን ቦታ ያሳጣዋል።

ከደብረ ማርቆስ