ሳትፈራረሚ አትስጪ

ለልጄ፣

እንደምን ሰነበትሽ? እኛ ደህና ነን፤ የእናትሽም ጉልበት ተሽሏታል። ትናንት አክስትሽ ከሮም ደውላ የነገረችኝ ግን እንቅልፍ ነሳኝ። የፊልም ጽሑፍሽን ያለ አንዳች ወረቀት ለአንድ ፕሮዲዩሰር ሰጥተሻል አሉ። «ጥሩ ሰው ነው» ብለሻል። ይሁን፣ ጥሩ ሰው ይሁን። ሳትፈራረሚ ጽሑፍሽን አትስጪ።

የሰርጆ አሚዴይን ነገር ያጫወትሽኝ ራስሽ አይደለሽም? ጣልያናዊው የፊልም ጸሐፊ፣ የትሪየስተው ተወላጅ፣ ጀርመኖች ሮምን በያዙ ጊዜ ከቤቱ በጣሪያ ለጣሪያ አምልጦ፣ ያንኑ በፈረንጆቹ አቆጣጠር በ1945ቱ «ሮማ፣ ክፍት ከተማ» ፊልም መክፈቻ ላይ ያሰፈረው ሰው። አራት ጊዜ ለኦስካር ታጭቷል፤ እኔን የደነቀኝ ግን ሌላ ነው። «የብስክሌት ሌቦች» የተባለው ፊልም ሲጻፍ ከሌሎቹ ጸሐፊዎች ጋር ጀምሮ ነበር። ብስክሌቱ የተሰረቀበትን ሠራተኛ ጓዶቹ እንዴት ዝም ብለው ያዩታል፣ ይህን አላምንም ብሎ ትቶላቸው ወጣ። ፊልሙ ያለ እሱ ዓለምን አዳረሰ፤ እሱ ግን ላላመነበት ነገር ስሙን አላዋሰም። በ1950 ደግሞ ሮማውያን በበጋ እሑድ ወደ ኦስትያ ባሕር ዳርቻ የሚጎርፉበትን «የነሐሴ እሑድ» ከሌሎች ጋር ጽፎ፣ ፕሮዲዩሰሩም ራሱ ሆነ። እዚያ ውስጥ የወጣቱ ተዋናይ የማስትሮያኒ ፊት ይታያል፤ የሚሰማው ድምፅ ግን የሌላ ተዋናይ፣ የአልቤርቶ ሶርዲ ነው። በዚህ ሙያ ፊት እንኳ ከድምፁ ከተለየ፣ ጽሑፍ ከባለቤቱ ለመለየት ምን ይቸግረዋል?

እኔ በቀበሌ ኪነት ሳለሁ የጻፍኩትን ተውኔት ታውቂዋለሽ። የአያትሽን ግን አልነገርኩሽም። ነጭ ነጠላዋን ለብሳ ከፊት ተቀምጣለች። መጨረሻ ላይ «ደራሲ» ተብሎ የተጠራው የሌላ ሰው ስም ነበር። እሷ ማጨብጨቧን አላቆመችም፣ የእኔን እየጠበቀች። ወደ ቤት ስንመለስ «ያንተስ የትኛው ነበር?» አለችኝ። «ሁሉም ነው እማዬ» አልኳት። ያመነችኝ አልመሰለኝም። ይኸው እስከ ዛሬ፣ እሷም ካረፈች በኋላ፣ ያ ጥያቄ ከጆሮዬ አልወጣም።

እናቴ የሰማችውን እናትሽ እንድትሰማ አልፈልግም። የላክሽልኝን ገጾች ሌሊቱን ሙሉ አነበብኳቸው፤ አሮጊቷ መስኮቱን የምትዘጋበት ቦታ ስደርስ መነጽሬን አውልቄ አለቀስኩ። እንዲህ ያለ ነገር በእጅሽ እያለ እንደ ተራ ወረቀት ትሰጪዋለሽ? ሳትፈራረሚ አትስጪ ብያለሁ።

የጣልያን ሕግ ከአንቺ ጋር ነው። በ1941ዱ የደራሲ መብት ሕግ አንቀጽ 44፣ የታሪኩ ደራሲ፣ የስክሪፕቱ ጸሐፊ፣ የሙዚቃው ደራሲና ዳይሬክተሩ አብረው የፊልሙ ደራሲዎች ናቸው። ሰውዬው «ስምሽን ኋላ እናስገባዋለን» ካለሽ ይህን ጥቀሺለት። ቀድመሽ ግን ሲያኤ፣ የጣልያን ደራሲዎች ማኅበር ዘንድ ሄደሽ፣ ያልታተሙ ሥራዎች በሚቀመጡበት ክፍል ጽሑፉን በስምሽ አስመዝግቢ። ውል ካመጣም እዚያው አትፈርሚ፤ ወደ ቤት ይዘሽው ሂጂ፣ አክስትሽ ታንብበው። የእሷ ጣልያንኛ ከአንቺ ይሻላል፣ አትቆጪ።

ምሳሽን ብዪ። ሰኞ ስታስመዘግቢ የደረሰኙን ፎቶ በወንድምሽ ቴሌግራም ላኪልኝ፤ የእኔ ስልክ ፎቶ አይከፍትም።

አባትሽ