ከሶፋ ላይ የተጻፈ ምስጋና፣ ለሃስኪስ ልጆች

ውድ የዋሽንግተን ዩኒቨርሲቲ የአሜሪካ ፉትቦል ቡድን፣ የ"ሃስኪስ" ልጆች፣

በአማርኛ ስለጻፍኩላችሁ ይቅርታ። እንግሊዝኛዬ ለተሳፋሪ ይበቃል፣ ለምስጋና ግን ያጥረኛል። እዚያው ግቢያችሁ ሁለተኛ ዓመት የሚማረው ልጄ ይተረጉምላችኋል።

እኔ ሲያትል ውስጥ ታክሲ የምነዳ ሰው ነኝ። እውነቱን ልናገርና፣ ለብዙ ዓመት እናንተን የማውቃችሁ በመንገድ መዘጋት ነበር። ቅዳሜ ሞንትሌክ ድልድይ አጠገብ ወይን ጠጅ ማልያ የለበሰ ሰው ሲበዛ "ዛሬም ጀመራቸው!" እልና መሪዬን አዞራለሁ። ስታዲየማችሁ ሐይቅ ዳር ነው፣ ሰው በጀልባ ሳይቀር ይመጣበታል። እኔ ግን በሩን እንጂ ውስጡን አይቼው አላውቅም።

ነሐሴ ላይ ከቤቴ ደረጃ ወደቅኩ። የጉልበቴ ጅማት ተበጥሶ ኦፕራሲዮን ሆንኩ። እስከ ታኅሣሥ መንዳት የለም ተባለ። ሾፌር ቤት ሲውል ምን እንደሚሆን ሚስቱን ጠይቁ። ነሐሴ 27 ቀን ልጄ ቴሌቪዥኑን ከፈተና "አባዬ፣ ዛሬ ከቦይዚ ስቴት ጋር ነን" አለኝ። እምቢ ብልስ ወዴት እሄዳለሁ? 56 ለ 19 አሸነፋችሁ። እኔ ምንም አልገባኝም። በእጅ ተይዞ የሚሮጥ ኳስ ስሙ ፉትቦል!

ልጄ በቡና ሲኒ አስረዳኝ። ስኳር ማስቀመጫው ኳስ ወርዋሪያችሁ ማይክል ፔኒክስ ሆነ። በአራት ሙከራ አሥር ያርድ (ዘጠኝ ሜትር ያህል) መሄድ ግድ ነው፣ ካልሆነ ኳሱ ለባላጋራ። እናቱ "ሲኒዬን መልሱ" እስክትል ድረስ ገብቶኝ ነበር።

ማይክል ፔኒክስ፣ ታሪክህን የሰማሁት ያን ቀን ነው። ኢንዲያና እያለህ አራት ዓመት ሙሉ፣ በየዓመቱ ተጎድተህ ወጥተሃል። ሁለቴ ጉልበትህ፣ ሁለቴ ትከሻህ። እኔ በአንድ ጉልበት ቤቱን በምሬት ሞልቼው ነበር። ከዚያ በኋላ ፊዚዮቴራፒ ስሄድ፣ ባለሙያዋ "አንድ ጊዜ ድገመው" ባለችኝ ቁጥር "ያ ልጅ ይህን ሁለት ዙር አልፎታል" እላለሁ በሆዴ። ዘንድሮ 4,903 ያርድ ወርውረሃል፣ ከአገሩ ሁሉ የሚበልጥህ አልነበረም። እኔም ደረጃ መውጣት ጀምሬያለሁ።

አሁን ወደ ወቀሳዬ። ልባችንን በልታችሁታል! ከአሪዞናው ጨዋታ ጀምሮ አሥር ጊዜ በተከታታይ ስታሸንፉ፣ አንዱንም ከአሥር ነጥብ በላይ አላሰፋችሁትም። ጥቅምት 3 ከኦሬገን ጋር 36 ለ 33። በመጨረሻዋ ሰከንድ የእነሱ መቺ ፊልድ ጎሉን (በእግር ወደ ግብ የሚመታውን) ሲስት ልጄ ስታዲየም ነበር፣ ከሕዝቡ ጋር ሜዳ ገባ። ደውሎ "አባዬ ሣሩ ላይ ነኝ!" ሲለኝ ክራንቼን ረስቼ ተነሣሁ። በሳምንቱ ከአሪዞና ስቴት ጋር ደግሞ አጥቂዎቻችሁ አንድ ታችዳውን (ኳሱን ይዞ የባላጋራን የመጨረሻ መስመር ማለፍ) እንኳ አላገቡም። ሚሼል ፓወል ኳስ ነጥቆ 89 ያርድ ባይሮጥ ምን ይውጠን ነበር? ተከላካዮችን የሚያመሰግን ሰው ጥቂት ነው። እኔ አመሰግናለሁ።

ከሁሉ ከልቤ ያልወጣው ግን መቺያችሁ ግሬዲ ግሮስ ነው። ኅዳር 15፣ ከዋሽንግተን ስቴት ጋር 21 እኩል። ሮም ኦዱንዜ ኳሱን ይዞ ዞሮ ሮጠና ተስፋ ሰጠን። ከዚያ ግሬዲ ከ42 ያርድ መታት፣ ገባች፣ ሰዓቱ አለቀ። ስኮላርሺፕ ያልነበረው ልጅ ነው። መልበሻ ክፍል ውስጥ አሰልጣኙ "ከዛሬ ጀምሮ ስኮላርሺፕ አለህ" ሲለው ጓደኞቹ ዘለሉበት። ቪዲዮውን ስንት ጊዜ አየሁት። የዩኒቨርሲቲ ክፍያ የሚከፍል አባት ብቻ ነው እንዲህ የሚያለቅሰው።

ኅዳር 21 ላስ ቬጋስ ላይ ኦሬገንን ደግማችሁ 34 ለ 31 ረታችሁና የፓክ-12 (የምዕራቡ ዩኒቨርሲቲዎች ሊግ) ሻምፒዮን ሆናችሁ። ባለቤቴ "ጽዮን ማርያም ናት" አለች፣ ቀኑ የእሷ በዓል ነውና። ልጄ "ሯጩ ዲሎን ጆንሰን ነው" አለ። አልተስማሙም። በአገሪቱ ሻምፒዮና ግማሽ ፍጻሜ ከቴክሳስ ጋር ስትጫወቱ ደግሞ አንዲት ሰከንድ ቀርታ፣ ኢላይጃ ጃክሰን ኳሷን በጣቱ ባያባርራት ዛሬ ይህን አልጽፍም። 37 ለ 31። እኔ በዚያን ጊዜ ሥራ ጀምሬ ነበር። ታክሲዬን ዳር አቁሜ በራዲዮ ሰማሁት።

ፍጻሜው በገና ማግስት ነበር። የተረፈውን ዶሮ ወጥ አሙቀን፣ የታክሲ ጓደኞቼ መጥተው፣ ቤቱ ሞላ። ሚሺጋን ገና በመጀመሪያው ሩብ ሁለት ጊዜ እየሮጠ ገባ፣ ከዚያ ወዲያ ልንይዘው አልቻልንም። 34 ለ 13። ማይክል እያነከሰ ሲነሣ ጉልበቴን ያዝኩ። ዝም ብለን ቆየን። ከመካከላችን ትልቁ ሰውዬ "በገና ጨዋታ አይቆጡም ጌታ" አሉና ቡና ይፈላ ተባለ። 14 አሸንፎ አንድ የተሸነፈ ቡድን፣ ከሁለት ዓመት በፊት 4 አሸንፎ 8 የተሸነፈ ቡድን ነው።

አሰልጣኝ ዴቦር በአራተኛው ቀን ወደ አላባማ ሄዱ። ልጄ ተቆጥቷል። እኔም ትንሽ ከፍቶኛል፣ ግን ያደረጉልንን አልረሳም፣ መንገዳቸውን ያቅናላቸው።

በዚሁ አጋጣሚ፣ በእነዚያ ወራት ምግብ ይዛችሁ የመጣችሁ ጎረቤቶቼ፣ ጨዋታው ሳይገባችሁ ከእኔ ጋር የጮኻችሁ የታክሲ ጓደኞቼ፣ እግዚአብሔር ይስጥልኝ። ባለቤቴንም፣ ለሲኒዎቹ።

ልጄ በሚቀጥለው ዓመት ሁለት ቲኬት እገዛለሁ ብሏል። ወንበሩ ላይ ለመድረስ ደረጃው ብዙ ነው አሉ። ቀደም ብለን እንሄዳለን፣ ቀስ ብዬ እወጣዋለሁ።

አክባሪያችሁ፣
የታክሲው ሾፌር፣ ከሲያትል
ጥር 2016 ዓ.ም.